አርባ ሦስት መጀመሪያ

በስልኬ ውስጥ የአንድ ሽማግሌ ድምፅ አርባ ሦስት ጊዜ ተቀድቷል። አርባ ሦስቱንም የቀዳሁት ሽማግሌውን ከነቤተሰቡ ከቤታቸው ለማስወጣት ነው። ይህን አስቀድሜ የምናገረው በኋላ ደግ ሴት መስዬ እንዳልታይ ብዬ ነው። ደግ አልነበርኩም። እንቅልፍ ያጣ ሰው ደግ ሲሆን አይቼም አላውቅም።

ያኔ አሜሪካ፣ ደብሊን በምትባል ከተማ ውስጥ በአንድ የአዛውንቶች መጦሪያ የሌሊት ሺፍት እሠራ ነበር። ሥራው ማገላበጥ፣ ማጠብና ማልበስ ነው፤ ወገቤ ያውቀዋል። ጠዋት ሰባት ሰዓት ላይ፣ በፈረንጁ ቆጠራ ማለቴ ነው፣ እወጣና 161 የሚባለውን አውራ ጎዳና ይዤ ወደምኖርበት ሰፈር፣ ወደ ኖርዝላንድ እነዳለሁ። ስምንት ሰዓት ሲሆን አልጋዬ ውስጥ ነኝ። ስምንት ተኩል ላይ ሽማግሌው ይጀምራል።

የምንኖረው ከሞርስ ሮድ ጀርባ ካሉት ባለ ሁለት ፎቅ አፓርትመንቶች በአንዱ ነው። እኔና ልጄ ላይ፣ እነሱ ታች። በመካከላችን ያለው ወለል ከካርቶን የሚሻል አይመስለኝም፤ ታች ሰው ሲያስነጥስ “ይማርህ” ሊያመልጠኝ ይቃጣል። ከታች ያሉት ሽማግሌው፣ ልጁ፣ የልጁ ሚስትና ሁለት ሕፃናት ናቸው። ልጁ ጋሃና በሚባል ሰፈር፣ ከኤርፖርቱ አጠገብ ባለ መጋዘን ይሠራል። ከቡታን ተባረው፣ ኔፓል ውስጥ መጠለያ ጣቢያ ብዙ ዓመት ተቀምጠው እዚህ የደረሱ ሰዎች መሆናቸውን የሰማሁት ኋላ ነው። ያኔ ለእኔ “ኔፓሎቹ” ነበሩ፤ አለቀ።

እኔን ራሴን ሊዚንግ ኦፊስ፣ ቤቱን የሚያከራየው ቢሮ ውስጥ ያለችው ሴትዮ ሁለት ዓመት ሙሉ ሶማሌ እያለች ስትጠራኝ ኖራለች። ባረምኳት ቁጥር “ኦ፣ ሶሪ” ትላለች፤ በሳምንቱ ያው ሶማሌ ነኝ። ይህ እንደሚያንገበግበኝ ለሰሚው ሁሉ አወራ ነበር። ከእግሬ ሥር የሚኖሩትን ሰዎች ግን ማን ናችሁ ብዬ አንድ ቀን ጠይቄ አላውቅም።

ድምፁ ዘፈን አይደለም። ንግግርም አይደለም። ለቅሶ ነው እንዳልል እንባ የለውም። ቃሉ ከአፍንጫ ይነሳና ጉሮሮ ላይ ቁርጥ ይላል፤ ከባድ ዕቃ ሊያነሳ ያለ ሰው ትንፋሹን እንደሚይዘው። ያዝ ያደርግና ይቀጥላል። ደግሞ ሁሉን ነገር ሁለት ጊዜ ነው የሚለው። አንድ ቃል ይላል፤ ወዲያው መንትያው የሚመስል ሌላ ቃል ያስከትላል። “በአንዱ ምን አለበት?” እያልኩ ትራሴን ጆሮዬ ላይ እጭናለሁ። ትራስ ለዚህ አልተሠራም።

ትርጉሙን ሳላውቅ ምንነቱን ወስኜ ነበር፤ ጥንቆላ ነው። ጌታን የማምን ሴት ነኝ፤ ከእግሬ በታች በየጠዋቱ መንፈስ ሲጠራ ዝም ብዬ አልተኛም። ቸርች ለማውቃት አንዲት ልጅ ነገርኳት። “እትዬ፣ ዝም ብለው ነው እንዴ የሚሰሙት? ኮምፕሌይን ያድርጉ እንጂ። ሪከርድ አድርገው ይላኩላቸው። ቤቱንም በጸሎት ይዝጉት” አለችኝ። ሁሉንም አደረግኩ።

ከዚያ በፊት ግን በመወልወያው እንጨት ወለሉን ደበደብኩ። ሦስት ጊዜ፤ ዱ፣ ዱ፣ ዱ። ወዲያው ዝም አለ። ደስ ብሎኝ ዓይኔን ጨፈንኩ። ሁለት ደቂቃ ያህል ቆየና ጀመረ፤ ካቆመበት ሳይሆን ከመጀመሪያው። መጀመሪያውን አውቀዋለሁ፤ አፉን ገጥሞ፣ በጣም ዝግ ብሎ፣ በአፍንጫው ነው የሚገባበት። ንቀት መሰለኝ። አሁንም ደበደብኩ። አሁንም ዝም አለ፤ አሁንም ከመጀመሪያው። እንዲህ ስንተናነቅ አንድ ሰዓት ተኩል አለፈ።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ጠበኞች ሆንን፤ ወይም እኔ ጠበኛ ሆንኩ። ደረጃው ሥር ጫማቸውን ሲደረድሩ በእግሬ ገፋ አድርጌ አልፋለሁ። ሽማግሌው በር ላይ ወንበር አውጥቶ ሲቀመጥ ሁለት እጁን ደረቱ ላይ ገጥሞ ጎንበስ ይልልኛል። አንገቴን አዙሬ ቁልፌን እፈልጋለሁ። ቁልፉ እጄ ላይ እያለ።

ኦፊስ ያለችው ሴትዮ “ሎግ ያዢ” አለችኝ። ቀኑ፣ የጀመረበት ሰዓት፣ ያለቀበት ሰዓት፣ የድምፁ ዓይነት። ሦስት ማስጠንቀቂያ በራቸው ላይ ከተለጠፈ ሊዛቸው፣ የኪራይ ውላቸው ማለት ነው፣ አይታደስም። “ዓይነቱን ምን ልበል?” ስላት በኮምፒውተሯ ላይ ዝርዝር አሳየችኝ፤ ሙዚቃ፣ ውሻ፣ ድግስ፣ ጠብ። የሽማግሌው ድምፅ አንዱም ጋ አይገባም። “ሌላ” የሚለውን ነካችና “ኔፓሊ ቻንቲንግ” ብላ ጻፈች። እኔም አንገቴን ነቀነቅኩ።

ቤት ግን የራሴን ደብተር ያዝኩ። አባቴ የፍርድ ቤት ጸሐፊ ነበር፤ ያልተጻፈ ነገር ለእሱ ወሬ ነው። ነገረኛነቴም ከእሱ የመጣ ሳይሆን አይቀርም። አልጋዬ ላይ ቁጭ ብዬ ከታች የሚመጣውን ድምፅ በፊደል እይዘው ጀመር። በፊደላችን የማይያዝ ድምፅ የለም ብዬ ነበር የማምነው፤ ያ ከአፍንጫ የሚነሳው ግን አታለለኝ። “ንግ” ብዬ ጻፍኩና ግ ለብቻዋ እንዳትነበብ ነጥብ ጣል አደረግኩበት። ጉሮሮ ላይ ቁርጥ ለሚለው ዐይኑን ዐ ሰጠሁት፤ በአማርኛ ሥራ ፈትቶ ስለተቀመጠ። መንታ መንታውን ሁሉ መጻፍ ሲታክተኝ ብዙ ቦታ አንዱን ብቻ እይዛለሁ። መጨረሻውን ግን በደንብ ነበር የምይዘው፤ ሽማግሌው መሀል ላይ እያረፈ ያለቀ ስለሚመስለኝ፣ በእውነት ያለቀበትን ሰዓት ለማወቅ የመጨረሻዎቹን ቃላት መለየት ነበረብኝ። እነዚያ ቃላት ለእኔ እንቅልፍ ማለት ነበሩ።

የመጀመሪያው ማስጠንቀቂያ በጥቅምት ተለጠፈ። በዚያው ሰሞን ላውንድሪ ክፍል ውስጥ አንዲት ፈረንጅ ልጅ አገኘሁ። አንገቷ ላይ ትልቅ ማዳመጫ አንጠልጥላለች። ቅዳሜ ቅዳሜ ታች ቤት ስትገባ አይቻታለሁ።

“ከላይ የሚኖሩት እርስዎ ነዎት? ሶማሌ ነዎት አይደል?” አለችኝ።

“አይደለሁም።”

“ይቅርታ። ምን ቋንቋ ይናገራሉ?”

“አማርኛ።”

ፊቷ በራ። “ሴሜቲክ! እስቲ ጠ፣ ጨ፣ ጰ ይበሉልኝ።”

“ልብስ እያጠብኩ ነው” አልኳት።

አልተቀየመችም፤ እንዲህ ዓይነት ሰው ያናድደኛል። የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ነኝ፣ የሽማግሌውን ቋንቋ ድምፆች ለመመረቂያዬ እመዘግባለሁ አለችኝ። “ኔፓሊያቸውን?” ስላት ራሷን ነቀነቀች። ኔፓሊ ከሂንዲ ወገን ነው፤ ቤት ውስጥ የሚናገሩት ግን ባንታዋ ይባላል፣ የራይ ሕዝብ ቋንቋ ነው፣ የሚዛመደውም ከቲቤትና ከበርማ ቋንቋዎች ጋር ነው አለች። ኪራንቲ የሚባል ቅርንጫፍ ላይ ይሰቅሉታል፤ ቅርንጫፉ በእውነት አንድ ቅርንጫፍ ይሁን አይሁን ግን ሊቃውንቱ አልተስማሙም።

“እነሱ ካልተስማሙ አንቺ ምን ትሠሪያለሽ?”

“ድምፁን እጽፋለሁ።”

እኔም እጽፋለሁ ልላት አፌ ላይ መጥቶ ዋጥኩት።

“አንድ አናባቢ አስቸግሮኛል” አለች። ከንፈሯን አሹላ፣ ደግሞ ፈገግ ብላ፣ ደግሞ መንጋጋዋን ይዛ ሞከረች፤ አንዱም ልክ አይደለም። በእንግሊዝኛ የለም፣ በኔፓሊም የለም አለች። ማድረቂያው ውስጥ አንሶላ እየከተትኩ ዞር ሳልል “እ” አልኩ፤ የኛን ሣድስ፣ ሌላ ምንም አይደለም።

እስክሪብቶዋ ወደቀ። “እንደገና ይበሉት።”

“እኔ የሙከራ ዕቃ አይደለሁም” አልኳትና ቅርጫቴን አነሳሁ። በር ላይ ስደርስ ግን አላስችል አለኝና ጠየቅኩ። “ጠዋት ጠዋት የሚጮኸውስ ምንድነው?”

“ሙንዱም ይባላል። እሱን ገና አልቀዳሁም። የሰጡኝ ቃላት ብቻ ነው፤ ውሃ፣ እሳት፣ ድንጋይ የመሰሉ። ሙንዱም በዕለቱ ቋንቋ አይባልም፤ የራሱ ቃላት አሉት፣ ሁሉም ነገር በጥንድ ነው የሚጠራው። ልጃቸው ተምሮ ሲጨርስ፣ ለበጋ ትቀጂዋለሽ ብለውኛል።”

ሁለተኛው ማስጠንቀቂያ በኅዳር፣ ከታንክስጊቪንግ በዓል በኋላ ተለጠፈ። በዚያኑ ቀን የልጁ ሚስት ወደ ላይ መጣች። “ዲዲ” አለችኝ፤ እህቴ ማለት እንደሆነ ሰፈር ካሉት ሱቆቻቸው ሰምቼ አውቃለሁ። “አባታችን ጠዋት ካልሆነ አይችሉም። ግማሽ ሰዓት ብቻ ነው። እባክዎ ወለሉን አይምቱት፤ ሲመቱት እኮ…”

አላስጨረስኳትም። “ግማሽ ሰዓት? አንድ ሰዓት ተኩል ነው። ጽፌዋለሁ” አልኩና በሩን ዘጋሁት።

በማግስቱ ከታች ምንም አልተሰማም። ተነስቼ በመስኮት አየሁ። ሽማግሌው ፓርኪንጉ ውስጥ፣ በልጁ መኪና የኋላ ወንበር ላይ ተቀምጧል። በረዶ ይጥላል። መስታወቱ በትንፋሹ ደፍርሷል፤ አፉ ሲንቀሳቀስ ግን ይታያል። አልሸሹም ዞር አሉ አልኩ በሆዴ። ተመልሼ ተኛሁ። ጥሩ እንቅልፍ ተኛሁ፤ ይህንንም አልደብቅም።

እልኬ ግን አልበረደም። ከድል በኋላ ይባስ ይጣፍጣል። ሦስተኛው ከተላከ ይሄዳሉ፤ የሚያስነጥስ እንኳ አይኖርም። መኪና አስነስቶ ፓርኪንግ ውስጥ ይቀመጣል የሚል ሦስተኛ አቤቱታ አዘጋጀሁና ለልጄ ሰጠኋት። አሥራ ስድስት ዓመቷ ነው፤ የኢሜይል ሥራ ሁሉ የእሷ ነው። በእንግሊዝኛዋ ልኬዋለሁ አለችኝ።

ጥር መጨረሻ ላይ ከሥራ ስመለስ አምቡላንስ ደረጃው ሥር ቆሟል። ሽማግሌው የወደቀው መኪናው ውስጥ አይደለም፤ ወጥ ቤት ውስጥ ነው። ስትሮክ ነው ተባለ። ሥራ ቦታ ያለችውን ነርስ ስትሮክ ከብርድ ይመጣል ወይ ብዬ ጠየቅኳት፤ እንደዚያ አይደለም አለችኝ። ሌላ ነርስም ጠየቅኩ። ሁለት ሳምንት ቆይቶ ወደ ቤት መለሱት፤ ቀኝ ጎኑ አይታዘዝም፣ ንግግሩም ሄዷል። የሆስፒስ ሰዎች፣ የማይድን በሽተኛ የሚያስታምሙት፣ ባለ ብረት አልጋ አስገቡለት። እኔ የምሠራበት ቤት ያሉት ዓይነት አልጋ ነው፤ ሲገባ አይቼ ነገሩ ስንት ጊዜ እንደቀረው ገባኝ።

በሳምንቱ ልጁ በሬን አንኳኳ። የመጋዘን ቬስቱን እንኳ አላወለቀም። ሊደበድበኝ የመጣ መስሎኝ ነበር፤ ቢደበድበኝም የሚፈርድለት አያጣም።

“ዲዲ፣ ኦፊስ ያለችው ሴትዮ የአባቴን ድምፅ እንደቀዱ ነገረችኝ። ሊያሰሙኝ ይችላሉ?”

እስከዚህ ድረስ ሽማግሌውን “እሱ” እያልኩ ነው የጻፍኩት፤ ያኔ እንደዚያ ነበር የምጠራው። ከዚህ በኋላ አፌ እምቢ ይለኛል።

ሶፋዬ ጫፍ ላይ ተቀመጠና ነገረኝ። ሙንዱም መንገድ ነው አለ። አባቱ ከዚህ ቤት ምድጃ ይነሳሉ፤ ወንዝ ወንዙን፣ ኮረብታ ኮረብታውን በስሙ እየጠሩ እስከ አያቶቻቸው ቦታ ድረስ ይሄዳሉ። መጨረሻው ላይ መመለሻው አለ፤ በሩን ዘግተው ወደ ምድጃቸው ይመለሳሉ። ሰው ሲሞት በዚህ መንገድ መርቶ የሚሸኘው ልጁ ነው። “መሄጃውን ተምሬአለሁ። መመለሻውን አልጨረስነውም። መመለሻውን የማያውቅ ሰው መጀመር አይፈቀድለትም፤ እዚያው ይቀራል። አባቴን የሚሸኝ የለም ማለት ነው” አለ።

“ሌላ የሚያውቅ ሰው የለም?”

“የእኛን ቤት መንገድ የሚያውቁት እሳቸው ብቻ ናቸው።”

ስልኬን ጠረጴዛው ላይ አድርጌ የመጀመሪያውን ከፈትኩ። የአባቱ ድምፅ በአፍንጫ ገባ። ልጁ ዓይኑን ጨፈነ፣ ከንፈሩ አብሮ ተንቀሳቀሰ። አምስት ደቂቃ ያህል ሄደ። ከዚያ ዱ፣ ዱ፣ ዱ። ዝምታ። ከመጀመሪያው። ዱ፣ ዱ፣ ዱ። በመካከሉ የእኔ ድምፅ በአማርኛ ይሰማል።

“እርስዎ ምን እያሉ ነው?” አለኝ።

“ምንም” አልኩት። የተናገርኩት ለሰው ጆሮ የሚበቃ አልነበረም።

“ከመሀል የተቋረጠ አይቀጠልም” አለ፣ ድምፁን ሳይለውጥ። “የደነገጠ ሰው መንገድ ይጠፋዋል። ስለዚህ ወደ ምድጃው ተመልሰው እንደገና ይነሳሉ። ባለቤቴ ይህንን ልትነግርዎ ነበር የመጣችው።”

ለካ አልናቁኝም። ለካ የግማሽ ሰዓቱን ነገር አንድ ሰዓት ተኩል ያደረግኩት እኔ ነኝ። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች የሚባለው ስለ እኔ ነው። ሰማንያ ዓመት የሆናቸው ሽማግሌ በየጠዋቱ ሂማላያ ወገብ ላይ ሲደርሱ በመወልወያ እንጨት ወደ ሞርስ ሮድ እመልሳቸው ነበር።

አርባ ሦስቱንም ሰማናቸው። አንዱም መጨረሻው ጋ አይደርስም። ማስረጃ የሚሆነኝን ያህል ከቀዳሁ በኋላ ስልኬ እንዳይሞላ እዘጋው ነበር። ልጁ አመሰገነኝ፤ ምኑን እንደሆነ እንጃ። ጫማውን በር ላይ አድርጎ ወረደ።

ልጄ ከክፍሏ ወጣች። ታች ያሉትን ሕፃናት አንዳንድ ቀን ትጠብቃለች። “ሦስተኛውን ኮምፕሌይን አልላክሁትም” አለች በእንግሊዝኛ። ቀጠለች፤ “አንቺ ከሰዓት ስትጸልዪ ሽማግሌው ልጆቹን ቲቪ ያስጠፏቸው እንደነበር ታውቂያለሽ? እንዳትረበሽ፣ ከተቋረጠች ከመጀመሪያው መጀመር አለባት ይሏቸው ነበር።”

ከሰዓት ስነሳ እጸልያለሁ። ድምፄን ዝቅ አላደርግም፤ አለቅሳለሁ፣ መንፈስ ሲወርድብኝም በልሳን እጸልያለሁ። ምን እንደምል እኔም አላውቀውም፤ ያቺ ተማሪ ብትሰማው ከየትኛው ቅርንጫፍ ልትሰቅለው እንደምትችል እንጃ። ያ ሁሉ በካርቶኑ ወለል ወደ ታች እንደሚወርድ አንድ ቀን አስቤ አላውቅም። ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው። በልጄ ላይ ተቆጣሁ፤ ለምን እስካሁን አልነገርሽኝም ብዬ። “መቼ ጠየቅሽኝ?” አለችኝ። ሳህን አጠብኩ።

መጨረሻውን አውቀዋለሁ። ይህን ለማንም አልነገርኩም፤ ሁለት ቀን ደበቅኩት። ስልኬ ባይቀዳው እኔ ሰምቼዋለሁ፤ እንቅልፍ የሚጠብቅ ሰው የሚጠብቀው መጨረሻውን ነው። ደብተሬም ውስጥ አለ፣ “ያለቀበት ሰዓት” ከሚለው አጠገብ፣ በፊደል። ለማላውቀው መንፈስ አፌን አላውስም እያልኩ ከራሴ ጋር ተሟገትኩ። ቸርች ያለችውን ልጅ ደውዬ ልጠይቃት አሰብኩና ምን እንደምትለኝ ስለማውቅ ተውኩት። በሦስተኛው ቀን አንድ ነገር ወሰንኩ፤ ይህ ጸሎቴ አይደለም፣ የሰው ዕቃ ነው። ቤቴ የገባ የሰው ዕቃ ይመለሳል። ደብተሬን ይዤ ወረድኩ።

ቤታቸው የእኔኑ ይመስላል፤ ግድግዳው፣ ምንጣፉ፣ ያው ነው። ከኤሌክትሪክ ስቶቩ ፊት ግን ሦስት ድንጋዮች ተቀምጠዋል። ምድጃቸው እሱ ነው። ሽማግሌው መስኮቱ ሥር፣ ባለ ብረቱ አልጋ ላይ ናቸው። ሲያዩኝ እጃቸውን ደረታቸው ላይ ሊገጥሙ ሞከሩ፤ አንዱ እጅ ብቻ ተነሳ። ይህን አንገቴን አዙሬ ማለፍ አልቻልኩም።

ልጁ አጠገቤ ተቀመጠ። ከደብተሬ ላይ ማንበብ ጀመርኩ። ፈጥኜ፣ በብስጭት፣ እንደ ፍርድ ቤት ጽሑፍ አነበብኩት። ልጁ አፉን ከፍቶ አየኝ፤ ቃሉ ልክ ነበር፣ ቁርጡም ልክ ነበር፣ ሣድሷም ልክ ነበረች። አራተኛው መስመር ላይ ስደርስ ከአልጋው በኩል ድምፅ መጣ። ዱ፣ ዱ፣ ዱ።

ሽማግሌው በግራ እጃቸው የአልጋውን ብረት መቱ። ያ ምት የማን እንደሆነ እኔ አላጣሁትም፤ ፍጥነቱ ሁሉ የእኔ ነው።

“ምን አጠፋሁ?”

ልጁ አባቱን አየ። “ጥንዱ ጎድሏል። አንዱን ብቻ ነው ያሉት።”

በአንዱ ምን አለበት ብዬ የተውኩት ነው። ደብተሩ ላይ የለም። ዓይኔን ጨፈንኩና አልጋዬ ላይ እንዳለሁ፣ ትራሱ ጆሮዬ ላይ እንዳለ አደረግኩ። መጣልኝ። አልኩት። ሽማግሌው እጃቸውን ብረቱ ላይ አሳርፈው ጠበቁ። “ከመጀመሪያው” አለ ልጁ፤ ከመመለሻው መጀመሪያ እንደገና ተነሳን።

ያን ቀን አሥራ አንድ ጊዜ ብረቱን መቱብኝ። ቂም ይሁን እርማት እስካሁን አላወቅኩትም። ዓይናቸው ይስቅ ነበር ብል ውሸት ነው፤ አይስቅም። እኔም ስድስተኛው ላይ ተነስቼ ልሄድ ነበር፣ ምራታቸው ውሃ አምጥታ በሩን ይዛ ስለቆመች ነው የተቀመጥኩት። አሥራ ሁለተኛው ላይ መጨረሻው ደረስን። እጃቸው ብረቱ ላይ ቀረ፤ አልመቱም። ተማሪዋ ደብተሩን ፎቶ ላንሳ ብላ በኋላ ለምናኝ ነበር፤ ልጁን ጠይቂ፣ የእኔ አይደለም አልኳት።

ሽማግሌው በመጋቢት አረፉ። የሽኝቱ ቀን ጠዋት ፓርኪንጉ በመኪና ሞላ። የልጁ ሚስት መጥታ ጠራችኝ። አልወረድኩም። እስከዚያ ድረስ እምነቴ አይሄድልኝም፤ ተረዳች መሰለኝ፣ አልጎተጎተችኝም። ከሥራ እንደገባሁ ጫማዬን ብቻ አውልቄ አልጋዬ ላይ ጋደም አልኩ። ደብተሩን ደረቴ ላይ አደረግኩት።

ስምንት ተኩል ላይ ልጁ ጀመረ። አፉን ገጥሞ፣ በአፍንጫው፣ ዝግ ብሎ። ድምፁ ከአባቱ ይቀጥናል። ወንዞቹን አለፈ፣ ኮረብታዎቹን አለፈ፤ የሚያርፍባቸውን ቦታዎች ሁሉ አውቃቸዋለሁ። መመለሻው ውስጥ ገባ። በሩ ሊዘጋ ሁለት መስመር ሲቀር አንድ ቃል አለና መንትያውን ዘሎ ሄደ። ለቅሶ ላይ ያለ ሰው ነው፤ ከታች ከተሰበሰበው ሰው አንዱም አላወቀበትም። የሚያውቁት ሽማግሌ እዚያው የሬሳ ሳጥን ውስጥ ናቸው።

ተነሳሁ። መወልወያው ከበሩ ጀርባ እንደተለመደው ቆሟል። እንጨቱን ይዤ ወለሉን ሦስት ጊዜ መታሁ።

ሁለት ደቂቃ ያህል ምንም አልተሰማም። ከዚያ ልጁ ከመጀመሪያው ጀመረ።